ባቡሩ ወደ አየር ጤና ይምጣ ወይስ በጦር ኃይሎች ይቆይ?

የከተማችን ቀላል ባቡር በምሥራቅ በኩል ከአያት ተነሥቶ 17 ኪሎ ሜትር ያህል ከመጣ በኋላ ጦር ኃይሎች ሲደርስ ሐዲዱ ያልቃል። ለሌላው የአዲስ አበባ ሕዝብ ጦር ኃይሎች የመንገዱ መጨረሻ ነው። ለእኛ ለኮልፌ ቀራንዮ ሰዎች ግን መግቢያ በራችን ነው፤ ቤታችን ያለው ከዚያ ወዲህ፣ በአየር ጤና፣ በቤተል፣ በዓለም ባንክ፣ በካራ ቆሬ፣ በቀራንዮ፣ በ18 ማዞሪያና በአጠና ተራ ነውና። ስለዚህ ባቡሩ ደጃፍ ድረስ መጥቶ ሳይገባ እንደ ተመለሰ እንግዳ ይመስለናል። «ምነው ጥቂት ቢቀጥል ኖሮ!» የማይል ሰው በሰፈራችን አላገኘሁም።

ዘንድሮ በትምህርት ቤታችን የክርክር ክበብ ከቀረቡት ርእሶች አንዱ ይኸው ነበር። አንደኛው ወገን «ባቡሩ ወደ ምዕራብ ይቀጥል» ሲል ሁለተኛው ወገን «ባቡር ገንዘብ ማባከኛ ስለሆነ ይቅርብን፤ አውቶቡስ ይሻለናል» አለ። ዳኞቹ ለመጀመሪያው ወገን ፈረዱ፤ አዳራሹም በጭብጨባ ተናወጠ። እኔ ግን በሁለቱም ሳልረካ ወጣሁ። በዚያን ዕለት የመናገር ተራ ስላልደረሰኝ አሳቤን በዚህ መጽሔት ለጓደኞቼ፣ ለመምህራኖቻችንና ለወላጆቻችን ለማቅረብ ተነሣሁ። አሳቤም ባጭሩ ይህ ነው፤ ባቡሩ እጅግ ጠቃሚ ነው፤ ነገር ግን አንድ ሜትር ሐዲድ ከመጨመሩ በፊት ያለውን የሚጠግን እጅና መሣሪያ ልንጠይቅለት ይገባል። እንዲህ ስል ለሰፈሬ ጥቅም ያልቆምሁ እመስል ይሆናል፤ ቢሆንም አንባቢ እስከ መጨረሻው ይታገሠኝ።

አስቀድሜ ስለ ባቡር ታሪክ ጥቂት ልናገር፤ በአገራችን ባቡር ካሰበበት ሳይደርስ ሲቆም ይህ የመጀመሪያው አይደለምና። ዳግማዊ አፄ ምኒልክ በ1886 ዓ/ም ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የባቡር መንገድ ሥራ ፈቃድ ሰጡ። ሥራው በ1890 ዓ/ም ከጅቡቲ ተጀምሮ በ1895 ዓ/ም ድሬዳዋ ደረሰ። የመጀመሪያው አሳብ ባቡሩ ሐረር እንዲገባ ነበር። ሆኖም ወደ ሐረር የሚያወጣው ዳገት ለሐዲድ አስቸጋሪና ብዙ ወጪ የሚጠይቅ ሆኖ ስለ ተገኘ ባቡሩ ከተራራው ግርጌ በሜዳው ላይ ቀረ። ኩባንያውም ገንዘብ ስላለቀበት ሥራው ለዓመታት ተቋረጠ። በኋላ ሌላ ኩባንያ ተተክቶ ሥራው ቀጠለና በ1909 ዓ/ም ባቡሩ አዲስ አበባ ገባ፤ ከጅቡቲ እስከዚህ ድረስ 780 ኪሎ ሜትር ያህል መሆኑ ነው። ባቡር ጣቢያውን ፈረንሳዮች «ላ ጋር» ሲሉት ሕዝቡ ሰምቶ ለገሃር አለው፤ እነሆ ዛሬም ቀላሉ ባቡር በዚያው ስም በሚጠራ ጣቢያ ይቆማል።

እኔን ከዚህ ሁሉ የሚያስደንቀኝ የድሬዳዋ ነገር ነው። ሐዲዱ ሐረር መግባት ተስኖት በቆመበት ሜዳ ላይ ከተማ በቀለ። ከተማውም በቤትና በገበያ ብቻ አልቀረም። የተሰበረው የሚጠገንበት፣ ያለቀው በቶርኖ ተስተካክሎ ወደ ሥራ የሚመለስበት ታላቅ የባቡር ጋራዥ ተሠራበት። እዚያ ገብተው ሙያ የተማሩ ሰዎች ልጆቻቸውን አስተማሩ፤ ከአንድ ትውልድ በላይ ብረት ሲያበጁ ኖሩ። በጦርነትም በድህነትም ዘመን ያ አሮጌ ባቡር ዕድሜው የረዘመው በእነርሱ እጅ መሆኑን መርሳት አይገባም። እርግጥ ነው፤ እርጅና ሲጫነው፣ የሚታደስበትም ገንዘብ ሲታጣ፣ በ2000 ዓ/ም ግድም ከአዲስ አበባ መነሣቱ ቀረ። በእርሱ ፈንታ በኤሌክትሪክ የሚሄደው አዲሱ የጅቡቲ ባቡር መስከረም 25 ቀን 2009 ዓ/ም ተመረቀ። የዚህኛው ሐዲድ መነሻ ከእኛ ብዙም የማይርቀው ሰበታ ነው።

እንግዲህ ድሬዳዋን እንደ ምሳሌ የማነሣው «ባቡር የቆመበት ሥፍራ ሁሉ ተጎዳ» የሚለውን አሳብ ስለማልቀበል ነው። ጥያቄው ባቡሩ የት ቆመ ሳይሆን ከቆመበት ምን ተሠራ ነው።

ወደ ቀላሉ ባቡር እንመለስ። ሥራው የተጀመረው በ2004 ዓ/ም ሲሆን ወጪው 475 ሚሊዮን የአሜሪካ ዶላር እንደ ሆነ ተነግሯል። ከዚህም ውስጥ ከመቶው 85ቱ እጅ ከቻይና የወጪና ገቢ ንግድ ባንክ የተገኘ ብድር ነው። የሠራውም የቻይና ኩባንያ ነው። ከምኒልክ አደባባይ እስከ ቃሊቲ ያለው የሰሜን ደቡብ መስመር መስከረም 9 ቀን 2008 ዓ/ም፣ ከአያት እስከ ጦር ኃይሎች ያለው የምሥራቅ ምዕራብ መስመር ደግሞ ጥቅምት 29 ቀን 2008 ዓ/ም ሥራ ጀመሩ። ሁለቱ በአንድነት 34 ኪሎ ሜትር ያህል ይሆናሉ፤ ጣቢያዎቹ 39፣ ባቡሮቹም 41 ነበሩ። ከስታዲየም እስከ ልደታ ድረስ ሁለቱ መስመሮች በአንድ ድልድይ ላይ አብረው ይሄዳሉ። ባቡሩ ከላይ ከተዘረጋው ሽቦ የ750 ቮልት ኤሌክትሪክ ይቀበላል። ዋጋውም ሲጀመር እንደ ርቀቱ 2፣ 4 እና 6 ብር ነበር።

ያን ጊዜ እኔ ትንሽ ልጅ ነበርሁ። ሰው ጉዳይ ሳይኖረው ባቡር ለመሳፈር ብቻ ልጆቹን ይዞ ከጦር ኃይሎች እስከ አያት ሄዶ ይመለስ ነበር። የሰፈራችን ሽማግሌዎች በመስኮት አጠገብ ተቀምጠው ከተማውን ከድልድዩ ላይ ቁልቁል እያዩ «ለካ አዲስ አበባ እንዲህ ናት!» ይሉ እንደ ነበር አስታውሳለሁ።

ነገር ግን ባቡሩ ለጉብኝት አልተሠራም። ለማን እንደ ተሠራ ለማወቅ ለሚፈልግ ሰው የታላቅ እኅቴን ጉዞ ብነግረው ይበቃዋል። እኅቴ ሃያ ሁለት አካባቢ በአንድ ልብስ ስፌት ቤት ትሠራለች፤ የምንኖረው አየር ጤና ነው። ባቡሩ በደኅና ይሄድ በነበረበት ጊዜ ከቤታችን በታክሲ ጦር ኃይሎች ደርሳ ባቡር ትሳፈርና ሳትወርድ ሳትወጣ ሃያ ሁለት ትደርስ ነበር። ከንጋቱ 12 ሰዓት ከቤት ብትወጣ ከሥራዋ አትዘገይም። ባቡሮቹ እየተበላሹ ቁጥራቸው ሲያንስ ግን አንዱ እስኪመጣ ሃያ ደቂቃ፣ አንዳንድ ቀንም ከዚያ የበለጠ መቆም ግድ ሆነ፤ የመጣውም ጢም ብሎ ሞልቶ በሩ የማይዘጋ ሆነ። ያን ጊዜ በሦስት ታክሲ፣ ከአየር ጤና ጦር ኃይሎች፣ ከዚያ ሜክሲኮ፣ ከዚያም ሌላ ተራ ይዞ ወደ ሃያ ሁለት መሄድ መጣ። እኅቴም ከሌሊቱ 11 ሰዓት ተነሥታ በጨለማ መውጣት ጀመረች፤ እናታችንም በሩን ዘግታ ከመተኛት ይልቅ ስልኳን ይዛ «ደረስሽ ወይ?» እያለች መጠበቅ ልማዷ ሆነ። የደመወዟ ስንቱ እጅ ለታክሲ እንደሚሄድ እኅቴ በጣቷ ቆጥራ ነግራኛለች፤ እዚህ ብጽፈው ስለምትቆጣኝ ልተወው።

ስለዚህ «ባቡር ገንዘብ ማባከኛ ነው» ለሚለው ወገን የምመልሰው ቀላል ነው። አንድ ሚኒባስ ታክሲ የሚጭነው አሥራ ሁለት ሰው ነው። አንዱ ባቡር ግን የቆመውን ጨምሮ ከሁለት መቶ ሰው በላይ ይወስዳል። ሲታቀድም በአንድ አቅጣጫ በሰዓት እስከ 15,000 ሰው እንዲያመላልስ ታስቦ ነበር። ይህን ያህል ሰው በሚኒባስ እናጓጉዝ ብንል ከሺህ በላይ ታክሲ በአንድ ሰዓት ውስጥ በአንድ መንገድ ላይ ሊያልፍ ነው፤ ይህ እንዴት ይሆናል? አውቶቡስ ይረዳል፤ እኔም አውቶቡስን አልጠላም፤ ነገር ግን አውቶቡሱ ከሜክሲኮ እስከ መገናኛ በመኪና ጎርፍ መካከል ሲንፏቀቅ ባቡሩ በራሱ ሐዲድ ያልፋል። ደግሞም የብድሩ ነገር አለ። ብድሩ ባቡሩ ቢሄድም ይከፈላል፤ ባቡሩ ቢቆምም ይከፈላል። የተበደሩበትን በሬ አስሮ አስቀምጦ ዕዳውን የሚከፍል ገበሬ ማን አይቷል?

በዚህ ወገን ከተነገሩት አሳቦች ግን የማልንቃቸው አሉ። ባቡሩ በምድር ላይ በሚሄድበት ሥፍራ ሁሉ ግራና ቀኙ በአጥር ስለ ታጠረ ከወዲህ ያለው ሰው ወዲያ ማዶ ካለው ዘመዱ ተለይቷል፤ አሮጊቶችና ነፍሰ ጡሮች መሻገሪያ ፍለጋ ብዙ ይሄዳሉ። የሥራውም ጊዜ ቀላል አልነበረም፤ ስለ ዋሻው ቁፋሮ ሲባል የአቡነ ጴጥሮስ ሐውልት እንኳ በ2005 ዓ/ም ከሥፍራው ተነሥቶ የተመለሰው በ2008 ዓ/ም ነው። ይህን ሁሉ ዋጋ የከፈለ ከተማ ባቡሩ እንዲሄድለት ቢጠይቅ መብቱ ነው የምለውም በዚሁ ምክንያት ነው።

አሁን ወደ መጀመሪያው ወገን፣ ጭብጨባውን ወዳገኘው ልመለስ። እነርሱ «ሐዲዱ ይርዘም» ሲሉ ባቡሮቹን አልቆጠሩም። በኋለኞቹ ዓመታት ከ41ዱ ባቡሮች ብዙዎቹ በመለዋወጫ እጦት ምክንያት ከሥራ ወጥተው እንደ ቆሙ በጋዜጣም በሬዲዮም ተነግሯል። ይህን ይዘን አንድ ትንሽ ሒሳብ እንሥራ። ለምሳሌ ያህል በምሥራቅ ምዕራቡ መስመር ላይ ስምንት ባቡሮች ብቻ ይሠራሉ እንበል። አንዱ ባቡር ከአያት ጦር ኃይሎች ለመድረስ አንድ ሰዓት፣ ለመመለስም አንድ ሰዓት ቢፈጅበት ዙሩን በ120 ደቂቃ ይጨርሳል። ስምንቱ በእኩል ርቀት ቢሄዱ በየ15 ደቂቃው አንድ ባቡር ጣቢያ ይደርሳል ማለት ነው። አሁን ሐዲዱን አምስት ኪሎ ሜትር ወደ እኛ እናስረዝመው። መንገዱ 22 ኪሎ ሜትር ይሆናል፤ በዚያው ፍጥነት ዙሩ ወደ 156 ደቂቃ ይደርሳል፤ ባቡሮቹም ስምንት እንደ ሆኑ ናቸውና አንዱ እስኪመጣ ወደ 20 ደቂቃ መጠበቅ ግድ ይሆናል። ባንጻሩ ሐዲዱን ሳንነካ የቆሙትን ጠግነን ባቡሮቹን አሥራ ስድስት ብናደርጋቸው መጠበቂያው ሰባት ደቂቃ ተኩል ይሆናል። እኅቴን የሚጠቅማት የትኛው ነው? ከአየር ጤና ተሳፍራ ሃያ ደቂቃ መጠበቅ ወይስ ጦር ኃይሎች ድረስ በታክሲ ሄዳ ወዲያው መሳፈር? ሒሳቡን ለሒሳብ መምህራችን አሳይቼ «ልክ ነው» ብለውኛል፤ ከዚህ የሚበልጥ ምስክር የለኝም።

ባቡር ለምን እንደሚበላሽ ማወቅም ይጠቅማል። መንኮራኩሩ ብረት ነው፤ ሐዲዱም ብረት ነው። ብረት በብረት ላይ ቀን ከሌሊት ሲሽከረከር ይበላላል፤ በተለይ ሐዲዱ በሚጠመዘዝበት ቦታ የመንኮራኩሩ ከንፈር ከሐዲዱ ጎን ጋር ስለሚፋጭ ቶሎ ይሳሳል። የከተማ ባቡር ደግሞ በየመንገዱ መጠምዘዝ ዕጣው ነው። የሳሳው መንኮራኩር በትልቅ ቶርኖ ተልጎ ቅርጹ ይስተካከላል፤ ጥቂት ጊዜ ከተላገ በኋላ ግን መለወጥ አለበት። ፍሬኑ ያልቃል። ከሽቦው ኤሌክትሪክ የሚቀበለው ክንድ ራሱ ላይ ያለው ከሰል ያልቃል። ሕዝብ እየተጋፋ የሚይዘው በርም ይሰበራል። ይህ ሁሉ የማንም ጥፋት አይደለም፤ በየትኛውም አገር ያለ ባቡር እንዲሁ ነው። ልዩነቱ መለዋወጫው ከየት ይመጣል በሚለው ላይ ነው። የእኛዎቹ ባቡሮች የተሠሩት በቻይና፣ በቻንግቹን ከተማ ነው፤ ዕቃውም ከዚያው ይመጣል፤ ለዕቃውም ዶላር ያስፈልጋል፤ ዶላር ሲጠፋ ባቡሩ በማደሪያው ውስጥ ቆሞ ይጠብቃል። አንድ ቀን ከቆመ ብዙ አይጎዳም። ዓመት ከቆመ ግን ያልተበላሸውም ይበላሻል።

በዚህ ነገር ላይ ሳነብ በጃፓን አገር ስላለ አንድ አጭር ባቡር የሚናገር ታሪክ አገኘሁ። ከቶኪዮ በስተ ምሥራቅ በባሕር ዳር ቾሺ የምትባል ከተማ አለች። በዚያ በ1915 ዓ/ም ሥራ የጀመረ፣ ርዝመቱ 6.4 ኪሎ ሜትር ብቻ የሆነ፣ አሥር ጣቢያ ያለው ባቡር ይሄዳል። ከእኛው የምሥራቅ ምዕራብ መስመር ሲሦውን ትንሽ ቢያልፍ ነው። ባቡሮቹም ሌሎች ኩባንያዎች ተጠቅመውባቸው የሸጧቸው አሮጌዎች ናቸው። በ1999 ዓ/ም ሕግ የሚያዝዘውን የባቡር ምርመራና ጥገና ለማድረግ ኩባንያው ገንዘብ አጣ። ኩባንያው ከባቡሩ ሌላ ከሩዝ የሚጋገር፣ በአኩሪ አተር ሶስ የራሰ ብስኩት ይሸጥ ነበርና ሠራተኞቹ «ባቡሩን የምንጠግንበት ገንዘብ ስለ ቸገረን እባካችሁ ብስኩታችንን ግዙን» ብለው በኢንተርኔት አወጁ። ከአገሩ ሁሉ ትእዛዝ ጎረፈላቸው፤ ባቡሩም ተጠገነ። እንዲያውም ኩባንያው ከቲኬት ይልቅ ከብስኩቱ የሚያገኘው ገቢ በልጦ ተገኘ።

ይህን ለእናቴ ስነግራት ሳቀችና «ታዲያ እኛም ለባቡሩ ቆሎ እንሽጥለት?» አለችኝ። በእርግጥ ጦር ኃይሎች ጣቢያ ሥር ቆሎ የሚሸጡ እናቶች ሞልተዋል፤ ነገር ግን የእነርሱ ቆሎ የልጆቻቸው እንጀራ ነው። እኔን የገረመኝ ብስኩቱ አይደለም። እነዚያ ሰዎች ሲቸገሩ ሕዝቡን የለመኑት ሐዲድ ለማስረዘም አልነበረም። የለመኑት ለጥገና ነው፤ ሕዝቡም ገንዘቡን የሰጠው ለጥገና ነው። በእኛ አገር «ለጥገና አዋጡ» ቢባል ስንት ሰው እጁን ይዘረጋል? ለምረቃ ሪባን ሲቆረጥ አደባባዩ ይሞላል፤ መንኮራኩር ሲለወጥ የሚያይ የለም።

የባቡሮቻችን ማደሪያና መጠገኛ ያለው አያትና ቃሊቲ ነው። በእኛ በኩል ያለው ጣቢያ ብቻ ነው። እኔ ለኮልፌ ቀራንዮ የምመኘው ታዲያ ከሐዲዱ ይልቅ ሌላ ነገር ነው። በሰፈራችን ብረት የሚበይዱ፣ ቶርኖ የሚያሽከረክሩ፣ ከተጣለ መኪና ላይ ያለቀውን ዕቃ አስመስለው የሚያወጡ ልጆች ሞልተዋል። ሥራቸው በሚያስፈልገው ልክ አይደለም የሚል ሰው ሊኖር ይችላል፤ እውነት ነው፤ የሰው ነፍስ የጫነ ባቡር ፍሬን በግምት አይበጅም፤ ልኬትና ምርመራ ይፈልጋል። ነገር ግን የወንበሩን ብረት፣ የበሩን እጀታ፣ የመስኮቱን ክፈፍ ከባሕር ማዶ ማስመጣት ምን ያስፈልጋል? ቀላሉን እዚህ የሠራ ከባዱን ቀስ በቀስ ይደርስበታል። ድሬዳዋ የደረሰችው እንዲሁ ነው።

ጦር ኃይሎች ከመድረሱ በፊት ባቡሩ ተግባረ ዕድ በሚባል ጣቢያ ይቆማል። ስሙን ያገኘው አጠገቡ ካለው የቴክኒክ ትምህርት ቤት ነው። ከድልድዩ ላይ ሆኜ ግቢውን ባየሁ ቁጥር አንድ ነገር ይታሰበኛል፤ ከላይ መጠገን የሚሻ ባቡር ያልፋል፣ ከሥሩ ጥገና የሚማሩ ልጆች አሉ፤ በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ጥቂት ሜትር ነው። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩትም የምድር ባቡር ምህንድስና በማስተርስ ደረጃ ሲሰጥ ቆይቷል። እንግዲህ መሐንዲሱ አለ፤ ተማሪው አለ፤ የሚጠገነውም አለ። እነዚህን የሚያገናኝ አንድ ሰፊ ጋራዥና የረጅም ጊዜ ዕቅድ ቢኖር የዶላሩን ችግር ሙሉ በሙሉ ባያስቀርም ያቀልለዋል ብዬ አምናለሁ። ከመጠምጠም መማር ይቅደም የሚለው ያባቶች አነጋገር ለተማሪ ብቻ የተነገረ አይመስለኝም፤ ለከተማም ይሆናል።

እዚህ ላይ ለወላጆቻችን አንድ ቃል ብናገር እንደ ድፍረት አይቆጠርብኝ። አባቴ እኔን ሐኪም ሊያደርገኝ ይመኛል። በሰፈራችን ያሉ አባቶች ሁሉ ልጃቸውን ሐኪም ወይም የሒሳብ ባለሙያ ሊያደርጉ ይመኛሉ። ባለፈው ክረምት «አባዬ፣ እኔ የማሽን ሥራ ብማር እወድዳለሁ» ብለው ለረጅም ጊዜ ዝም አለ፤ ከዚያም «አሥራ ሁለት ዓመት ያስተማርሁህ እጅህን ዘይት ልትቀባ ነው?» አለኝ። አባቴን አልወቅሰውም፤ ቀጥቃጭ እየተባለ የተናቀበትን ዘመን የሚያውቅ ነው። ግን አስቡት፤ የአባቴ ሴት ልጅ ከሌሊቱ 11 ሰዓት በጨለማ የምትወጣው እጁን ዘይት የሚቀባ ሰው ስለ ጠፋ ነው። ሐኪምማ ሞልቶልናል አልልም፤ ሐኪምም ያንሰናል፤ ሐኪሙ ራሱ ግን ሥራው የሚደርሰው በባቡር ነው።

በዚህ መካከል በጦር ኃይሎች ጣቢያ ራሱ ብዙ ገንዘብ ሳይወጣ ሊሠራ የሚችል ነገር አለ። ከባቡር የወረደ ሰው ወደ አየር ጤና፣ ወደ ቤተልና ወደ 18 ማዞሪያ የሚሄድበትን ታክሲ ለማግኘት መኪና በሚጣደፍበት መንገድ መካከል እየዘለለ ይሻገራል። ዝናብ ሲሆን የሚጠለልበት የለውም፤ ማታ ሲሆን መብራቱ አንድ ቀን ይበራል፣ አንድ ቀን ይጠፋል። ለየአቅጣጫው የታወቀ የታክሲና የአውቶቡስ መቆሚያ ቢበጅ፣ ከላዩ ቆርቆሮ ቢለብስ፣ መሻገሪያው ቢስተካከል፣ በማታም አውቶቡሶቹ ባቡሩ የሚደርስበትን ሰዓት ጠብቀው ቢነሡ፣ ሐዲዱ አየር ጤና የደረሰ ያህል ይቆጠራል። ይህን የምለው እኔ ብቻ አይደለሁም፤ በዚያ የሚሠሩ ተራ አስከባሪዎች አንዱን ብትጠይቁት ከእኔ የተሻለ ይነግራችኋል። እኔም ግማሹን የሰማሁት ከእነርሱ ነው።

ሐዲዱ ፈጽሞ አይቀጥል የምል መስሎ የታያችሁ ጓደኞቼ ብትኖሩ ተሳስታችኋል። ካራ ቆሬና ዓለም ባንክ በየዓመቱ እየሰፉ ነው፤ ኮንዶሚኒየሙ በየኮረብታው በቅሏል፤ ያ ሁሉ ሰው በሚኒባስ አይወጣም አይገባም። አንድ ቀን ባቡሩ ሊመጣ ይገባል፤ እኔም በመጀመሪያው ቀን ከተሳፋሪዎቹ አንዱ ለመሆን እጓጓለሁ። ነገር ግን በዚያን ቀን የሚመጣው ባቡር መንኮራኩሩ የተላገው በማን እጅ እንደ ሆነ ለማወቅ ከአሁኑ ሊታሰብበት ይገባል።

የክርክር ክበባችን ርእሱን በሚመጣው ዓመት እንደገና ያነሣል ተብሏል። የክፍለ ከተማችንም ሰዎች ነዋሪውን ለስብሰባ ሲጠሩ ስለ ባቡሩ የሚጠይቅ አይጠፋም፤ ሁልጊዜም ጥያቄው «ወደ እኛ መቼ ይመጣል?» የሚል ነው። እኔ ዕድል ካገኘሁ እጄን አውጥቼ የምጠይቀው ሌላ ነው፤ ዛሬ ጠዋት ከአያት ስንት ባቡር ወጣ? ከቆሙት ውስጥ በዚህ ወር ስንቱ ተጠገነ? የጠገነውስ ማን ነው?